የፎኮ ትንንሽ ቧንቧዎች

ይድረስ ለልጅ ልጄ ለቪብከ፣ ስዊድን።

ለጤናሽ እንደምን አለሽ? እኔ ከእርጅና በቀር ምንም አልሆንኩም፤ እሱም ለምዶኝ ሻይ አብረን እንጠጣለን። ስለ ቤተ ክርስቲያናችን አሮጌ ባለ ቧንቧ ኦርጋን የምትጽፊው ጥናት ወፈረ፣ አንቺ ግን ከሳሽ አሉኝ። ምሁር መክሳት አለበት ያለሽ ማነው?

ባለፈው ሳምንት የኦርጋኑ ቃኚ ፎኮ መጥቶ ነበር። እንደ ልማዳችን እሱ ቧንቧዎቹ መሃል ገባ፣ እኔ ውጭ ቁልፎቹን እጫንለት ጀመር። ቀጭን ድምፅ ያላቸው ትንንሾቹ ቧንቧዎች ላይ ስንደርስ፣ "አንተ ፎኮ፣ ተኛህ እንዴ? አንዱም አይጮህም እኮ!" አልኩት። አንገቱን ብቅ አድርጎ አየኝና ተመልሶ ገባ። ወለሉን የምትጠርገው ጌሸ ግን ጆሮዋን በሁለት እጇ ይዛ፣ "ኧረ አባባ ኤኖ፣ ይበቃል! ጥርሴ ድረስ ገባ!" ብላ ጮኸች።

"ስንት ጥርስ ቀርቶሽ ነው?" ስላት ሳቀች። ፎኮ አልሳቀም።

ለፋሲካ ምሁራኑን ይዘሽ ስትመጪ፣ የትኛው ቧንቧ የጥንቱ፣ የትኛው ኋላ የተተካ እንደሆነ በጆሮዬ እንድለይላቸው ፈልገሻል። ጥናትሽም በእኔ ቃል ላይ እንደቆመ ነግረሻቸዋል። ደግ አደረግሽ። ብቻ እንግዶቹን ራቅ አድርገሽ አስቀምጪና አንቺ ከጎኔ ሁኚ። በጥናትሽ የጥንቱ ነው ያልሽው ሲጮህ ትከሻዬን ነካ አድርጊኝ። ሽማግሌ መዳበስ ይወዳል በይ።

ለፎኮ ከደወልሽለት የሚልሽን ሁሉ አትመኚ፤ ቀልድ አያውቅም። ለእኔም አትደውዪ፣ ስልካችን ሰሞኑን መንሾካሾክ አብዝቷል። ጻፊልኝ እንጂ፤ ዓይኔስ ተመስገን ደህና ነው።

በጤና ያገናኘን።

አያትሽ ኤኖ