የወጣችበት ቀን

ዓርብ

ዘይነባ ዛሬ የሁለት ዓመት ሥራዬን በአንድ ጥያቄ አፈረሰችው። ሌላ ሰው ቢሆን እቆጣ ነበር።

እዚህ ሳውዲ፣ ኮበር፣ ዐቅረቢያ ሰፈር ያለው ቤቴ እንደ ወትሮው ሞልቶ ነበር። ዓርብ የሚለቀቁት የወሎ ልጆች እየመጡ መጠይቄን ይሞላሉ፤ ማንበብ ለማይችሉት ዘይነባ ታነብላቸዋለች። እሷ ደማም፣ አል ጀለዊያ፣ ሰው ቤት ነው የምትሠራው። የተማረችው እስከ ስድስተኛ ክፍል ነው። እኔ እንግዲህ ዶክተሯ ነኝ፤ የኮሌጅ አስተማሪ፣ ሰው ሕግ የሚጥሰው ምን አስልቶ እንደሆነ የማጠና ኢኮኖሚስት።

ሰኞ ቅጣቱን ለሚያየው ኮሚቴ የማቀርበው ጥናት ስለ ሁሩብ ነው፤ ከአሠሪያቸው ጠፍተዋል ተብለው ስለተመዘገቡ ሴቶች። መደምደሚያዬ አጭር ነው፦ ቅጣቱ ከጠነከረ የሚጠፋው ይቀንሳል። ኮሚቴው ከወደደው ውሌ ይታደሳል።

ዘይነባ አንዱን ቅጽ አንስታ ይሄ ቀን የምኑ ነው አለችኝ። የጠፋችበት፣ አልኳት።

«አሠሪዋ፣ ካፊሏ፣ ያመለከተበት ነው እንጂ። ከቤት የወጣችበትንማ መች ጠየቋት?»

አልጠየቅኩም። ሁለቱ አንድ ቀን መስለውኝ ነበር።

ቅዳሜ

ቅጹን ለሞሉት ሴቶች ስደውል ዋልኩ። ቀን ቆጥሮ የሚያስታውስ የለም። ማዳም የወለደች ሰሞን ይሉኛል፣ የአረፋ ማግስት፣ የትልቁ ልጅ ፈተና ላይ። እኔ ከመዝገቡ ቀን ጋር አስተያያለሁ።

አንዷ ጠፋች ተብሎ ከተመዘገበች በኋላ ረመዳንን ሙሉ ሳምቡሳ ጠብሳላቸዋለች። ሌላዋ ስሟ ሲመዘገብ የማዳምን ሕፃን ይዛ ሆስፒታል ነበረች። ካፊሎቹ የሚያመለክቱት በቦታቸው ሌላ ሠራተኛ ለማስመጣት ነው ይላሉ። ልጆቹ ወሬውን ሲሰሙ ይደነግጣሉ፤ በር ከፍተው የሚወጡት ያኔ ነው። ጥፋተኛ ከተባሉ በኋላ።

እኔ ግን ፈርተው የወጡትን አስልተው የጠፉ ናቸው ብዬ ጽፌአለሁ። ስንት ፕሮፌሰር ያነበበውን ወረቀት! ያፈርኩትን ያህል ተደንቄአለሁ።

እሁድ

ለክፍል ኃላፊዬ ነገርኳት። ማፊ ሙሽኪላ፣ ችግር የለም አለች፤ ወረቀቱ እንዳለ ይቅረብ፣ አዲሱ ነገር ለሚቀጥለው ጥናት ይቆይ።

ዝም ብዬ ካቀረብኩ፦ ውል፣ ኢቃማ (የመኖሪያ ፈቃዴ)፣ ሰላም።
ካረምኩ፦ ምናልባት ኹሩጅ፣ ካገር ውጪ መባል። ሻንጣ። እናቴ ምን አጠፋሽ ትለኛለች።

በስሜ የወጣ ወረቀት እነዚያን ልጆች ሲያስቀጣ ግን ታየኝ። ዘይነባ ልብስ እያጣጠፈች ያየችውን እኔ በዚያ ሁሉ ቀመር አላየሁትም። አሁን ካየሁት በኋላ እንዴት አድርጌ ልተወው?

ሰኞ

አረምኩት። ኮሚቴው ፊት ቆሜ መደምደሚያው ስህተት ነው፣ መጠይቁን ያበላሸሁት እኔ ነኝ፣ በዚህ ወረቀት ቅጣት እንዳታጠብቁ አልኩ። ሰብሳቢው ማን እንዳረመኝ ጠየቀ። ባልደረባዬ ናት አልኩ። ውሌ ይታደስ አይታደስ ገና አላወቅኩም።

ማታ ለዘይነባ ደወልኩላት። ለካ እሷ ሌሎች ሰባት ሴቶችን ጠይቃ፣ የሁሉንም ቀን በቃሏ ይዛ ስትጠብቀኝ ኖሯል። እየነገረችኝ ጻፍኩ፤ አንዱንም አልሳተችም። ስንጨርስ፣ ካንቺ ካፊል ጋርስ ሰላም ነሽ ወይ አልኳት፣ እንዲያው ለወጉ።

እሱማ ዓምና ነው ያመለከተብኝ አለች።

ደንግጬ መቼ ወጣሽ አልኳት።

«የት ወጥቼ፣ ዶክተር? ይኸው እራታቸውን እየሠራሁ አይደል?»

የወጣችበት ቀን የሚለውን ባዶ ተውኩት። መንገድ ላይ ፖሊስ መኖሪያ ፈቃድ ቢጠይቃት እስር ቤት ትገባ ነበር። እሷ ግን በየዓርቡ ታክሲ ይዛ፣ ከደማም ኮበር ድረስ፣ ቅጼን ልታነብልኝ ትመጣ ነበር።