መሃይም ሆኜ ልቀረጽ መጣሁ

ለማታ ትምህርት ቤታችን የኋላ ወንበር አለቃ፣

በዚህ ከተማ ከኔ በላይ የፊልም ተዋናይ የለም። እሺ፣ በዚህ ጎዳና ላይ ይሁንልህ።

ያ ማታ ማታ በቴሌቪዥን ዜና ሲያነብልን የኖረው ጋዜጠኛ ትዝ ይልሃል? ዜና ማስመሰል ሆነብኝ ብሎ ትቶት፣ አሁን እውነት ብቻ የሚቀርጽ ዘጋቢ ፊልም ሠሪ ሆኗል። እኔንም ማንበብ ስለማይችሉ ጎልማሶች ለሚሠራው ፊልም ይዞኝ መጣ። የማታ ትምህርቴን መጨረሴን ስነግረው መርዶ የሰማ መሰለ።

ዛሬ ጽሑፍ ያለበት አንድ ግድግዳ ፊት አቆመኝና፣ "ጋሼ፣ ጽሑፉን እያዩ ግራ ይጋቡልኝ" አለኝ። ለካ እውነት የሚቀረጸው እንዲህ ነው!

"የኔ ጌታ፣ ልጄ ይህን አይታ፣ 'አባቴ የት ሲያመሽ ነበር?' ትበል?" አልኩት።

"ለፊልሙ ውበት ነው ጋሼ፣ ትንሽ ብቻ።"

ካሜራው ሲበራ ጉሮሮዬን ጠረግሁና፣ "እዚህ ቦታ መሽናት በሕግ ያስቀጣል!" ብዬ እንደ ዜና በአንድ ትንፋሽ ለቀቅሁበት። እንደኛው ሰፈር እዚያው ጽሑፉ ሥር የሚሸና ሰውዬ ነበር፤ ደንግጦ ሱሪውን በእጁ ይዞ በረረ።

የፖስት ካርዱ ቦታ አለቀብኝ። ልጄን ሳምልኝ፣ አስተማሪያችንን እጅ ንሳልኝ። ይህንንም ራስህ አንብበው፤ ሰው ካስነበብክ እሰማለሁ።

ጠርዙ ላይ ልጨምር፦ ሰውዬው እውነት ነው። "በአንድ ትንፋሽ" ያልኩህ ግን ፈጠራ ነው፤ "ያስቀጣል" ላይ ስንተባተብ፣ ጋዜጠኛው ራሱ ከካሜራው ኋላ በዚያ በዜና ድምፁ ቀስ ብሎ አቀበለኝ።