የዘይነባ ክፍል እንግዳ

ለማከብርዎት እህቴ ለእትዬ ሳሊሐ፦

አሰላሙ ዐለይኩም ወራሕመቱላሂ ወበረካቱህ። እንዴት ከርመዋል? ጉልበትዎስ ተሻለው? ጾሙ አልጎዳዎትም? የደሴ ብርድስ ጋብ አለ? እኔና ልጄ ሃዲያ አልሐምዱሊላህ ደህና ነን፤ ሐሳባችን እርስዎ ብቻ ነዎት።

በስልክ «እህልህን የማይቀምስ እንግዳ ቤትህን ንቋልና አሰናብተው» ያሉኝ ሲከነክነኝ ሰነበተ። እንግዳው፣ እንደነገርኩዎት፣ ቻይናዊው መነኩሴ ሁይሚንግ ናቸው። ከአገር አገር እየዞሩ የሃይማኖታቸውን የጥንት መጻሕፍት ከሳንስክሪት፣ ማለት ከሕንዶች የድሮ ቋንቋ፣ ወደ ቻይንኛ ይመልሳሉ። ቻይናታውን ያረፉበት ቤተ መቅደስ ጣሪያው ሲጠገን የመዶሻው ጩኸት ሥራ ቢከለክላቸው፣ አላህ ይዘንላትና የባለቤቴን የዘይነባን ክፍል ሰጠኋቸው።

ረመዳን ሲገባ ለኢፍጣር ጠራኋቸው። መጡ፣ ተቀመጡ፣ ሙቅ ውሃ ብቻ ጠጡ። በማግስቱም እንደዚያው። ልቤ ሻከረ። አላህ ይቅር ይበለኝ፣ ከሺፍት ስመለስ «በቃ ይውጡልኝ» ልል በራቸው ድረስ ሄድኩ። ውስጥ አንዷን ቃል በሳንስክሪት ያነባሉ፣ በቻይንኛ ይሞክሯታል፣ አልጥም ስትላቸው እንደገና ይጀምራሉ። አባባ ልጆች ሳለን እየደጋገሙ ኪታብ ሲያቀሩን የነበረው ድምፅ መጣብኝና ማንኳኳት አቃተኝ።

ሃዲያ ግን እንደሚያውቋት ምላሷን አትይዝም። «ምግባችን ይሄን ያህል ያስፈራል እንዴ?» ብላ ፊት ለፊት ጠየቀቻቸው። እስኪያስላቸው ሳቁ። ለካ ሕጋቸው ከቀትር በኋላ እህል አያስቀምሳቸውም! እኔ አፌን ስከፍት እሳቸው ዘግተዋል፤ እሳቸው ሲከፍቱ እኔ ዘግቻለሁ። «አንተ የማታውን ያዝክ፣ እኔ የጠዋቱን፤ ማዕዱን ተካፈልነው እኮ» አሉኝ። አፈርኩ፤ ደረቴም ቅልል አለኝ። ጎረቤታችን እማማ ባንቺአየሁ ዕድሜ ልካቸውን ሥጋችንን ቀምሰው አያውቁም፤ መቼ ንቀት ነው ብለን እናውቃለን?

የዒድ ዕለት ከሶላት መልስ፣ ከቀትር በፊት፣ አንድ ትሪ ከበብን። ሥጋም ሽንኩርትም አይነኩምና ሃዲያ «ይሄ የሆስፒታል ሾርባ እንጂ ወጥ አይደለም» እያለች ምስሩን ለብቻ ሠራችላቸው፤ እሳቸው ጠርገው በሉት። መጽሐፋቸውም በዋዜማው አልቆላቸው ነበር። እንኳንም አላስወጣኋቸው! ዱዓ ሳደርግ አንገታቸውን ደፍተው አዳመጡ። ሌላ ጊዜ አዲስ ቃል በሰሙ ቁጥር «ምን ማለት ነው?» የሚሉት ሰው፣ ያን ዕለት ምንም ሳይጠይቁ «አሚን» አሉ።

እንግዲህ እትዬ፣ እርስዎም ቅር አይበልዎት። ሚቅዳድን ጉንጩን ሳሙልኝ፤ ፂም አብቅሏል ቢሉኝም ሳሙት። ለሙስዐብና ለልጆቹ ሰላም በሉልኝ። እማማ ባንቺአየሁን ሁዳዴው ይቅለልዎት፣ ሰላሀዲን አስታወሰዎት በሉልኝ።

ወንድምዎ ሰላሀዲን

ላስ ቬጋስ፣ ማውንተንስ ኤጅ
መጋቢት 24 ቀን 2017 ዓ.ም.