ሳላውቀው ንስሐ ስለገባሁበት ፊልም

ለተከበሩ የ«ጭላንጭል» አጭር ፊልም ውድድር ዳኞች ሰብሳቢ
መቱ

ክቡርነትዎ እንደምን ሰንብተዋል? ጤናዎ እንደ ወንበርዎ የጸና፣ ዓይንዎም ከእኛ የተሰወረውን ሁሉ የሚያይ ይሁንልዎ እያልሁ በትሕትና እጅ እነሣለሁ። እኔ ከወረኢሉ መጥቼ እዚህ መቱ በልስን ሥራ የምተዳደር መሀመድ ሰዒድ ነኝ። ትምህርቴ ከአራተኛ ክፍል ስላላለፈ፣ አንደኛ ይሁን ብለው የመረጡት «ጆሮ ለግንብ» የተባለው የሙከራ ፊልም ጥበቡ ቢያመልጠኝ ጥፋቱ የእኔ ነው።

አንደኛ፤ ስለ ታዋቂው ካቴድራላችን ተሠራ በተባለው በዚህ የዐሥራ አንድ ደቂቃ ፊልም ጣሪያውም ደወሉም በሩም ሳይታዩ የእኔ ጆሮ አራት ደቂቃ ሙሉ በመታየቱ ምስጋናዬ ወሰን የለውም።

ሁለተኛ፤ የተቀረጽሁት ልስኑ ከካቴድራሉ ግንብ የለቀቀበትን ቦታ ለማወቅ በመዶሻ እጀታ እየመታሁ፣ ጆሮዬን አስጠግቼ ሳዳምጥ ነበር። የፊልሙ አዘጋጅ መዶሻውን ከምስሉ፣ ምቱንም ከድምፁ ቆርጦ አውጥቶ በምትኩ በገና ስላስገባበት፣ ግንብ ተደግፌ ንስሐ የምገባ ኃጢአተኛ ሆኜ ተገኝቻለሁ። የኃጢአቴ ዝርዝር በእጅዎ ካለ ግልባጩ ይድረሰኝ።

ሦስተኛ፤ ፊልሙ በስልክ ተላልፎ ቡሬ ደርሷል። ቡሬ ደግሞ የእጮኛዬ የሰሚራ አባት ጋሼ ካሚል አሉ። «ለሚሰግድ እንጂ ግንብ ለሚሳለም የምሰጠው ልጅ የለኝም» ብለው ለመጪው እሑድ የተቆረጠውን ኒካህ አግደዋል። ሥራ ላይ ነበርሁ ብዬ ብምልላቸው «መዶሻው የታለ?» አሉኝ፤ እውነትም የለም። አብሮኝ የሚለስነው ጓደኛዬ ነገራም «ያ መሀመድ፣ ክርስትና ስምህን ማን አሉህ? ለጾሙ ትደርስልናለህ አይደል?» እያለ ቀኑን ሙሉ ሲስቅብኝ ይውላል።

ስለዚህ ከእሑድ በፊት መዶሻዬን ወደ ፊልሙ እንዲያስመልሱልኝ፣ ይህ ጥበቡን የሚያጎድፍ ከሆነም «ይህ ሰው ልስን እየሠራ ነው» የሚል አንድ መስመር ከጆሮዬ ሥር እንዲያስጽፉልኝ እለምናለሁ። እናትና አባቴ ሩቅ ናቸው፤ ቆሞ የሚከራከርልኝ ዘመድ እዚህ የለኝም።

መዶሻውን ተቀምቶ ሚስቱንም ሊቀማ የተቃረበው፣ ሳይበድል ተጸጽቶ ያሸለመው ትሑት አገልጋይዎ፣
መሀመድ ሰዒድ

ማሳሰቢያ፦ በጥሪ ወረቀቱ ላይ «ንስሐ ገቢው» ተብዬ ስለ ተጋበዝሁ ዓርብ በሽልማቱ ሥነ ሥርዓት እገኛለሁ። ጋሼ ካሚልም አብረውኝ ስለሚመጡ ከክቡርነትዎ ጎን ወንበር ይያዝላቸው፤ ጥበቡን እርስዎው ያስረዷቸዋል። «ከዘራዎን ደጅ ይተዉ» ቢባሉ ግን እሺ እንደማይሉ ከወዲሁ አሳውቃለሁ።