ጥንቸሉ ግን ተነሳ

ሰኞ፣ መጋቢት 7

በልብስ መስቀያ መታችኝ። ጆሮዬ ላይ። ደሙን ስታይ ሳቀች።

ያራ የአሠሪዬ የማዳም ልጅ ናት፣ አምስት ዓመቷ። በኮሮና ምክንያት ትምህርት ቤት ከተዘጋ ወዲህ ከታብሌቷ አትለይም። ወለል ስወለውል ከኋላዋ አየሁት። ካርቱን ነው። ድመቷ ጥንቸሉን በመጥበሻ ትመታዋለች፣ በቢላ ታርደዋለች፣ በገመድ ትሰቅለዋለች። እሱ ሁልጊዜ ተነስቶ ይጨፍራል።

በዚህ ሳምንት ክንዴ ተነከሰ፣ እግሬ በሹካ ተወጋ። ዛሬ ደግሞ ጆሮዬ።

ማክሰኞ

ለማዳም ነገርኳት። ከጠዋት ጀምሮ አፌ ውስጥ ሳመላልሰው ነው የዋልኩት።

"ማዳም፣ የያራ ቪዲዮ ጥሩ አይደለም። መማታት ብቻ ነው።"

"ያኒ ካርቱን እኮ ነው! የልጆች ነው። ያላ፣ ወጥ ቤቱን ጨርሺ።"

ጨረስኩ። ያራ የድስት ክዳን ወረወረችብኝ። ሳተችኝ።

ረቡዕ



በረንዳ ላይ ልብስ አሰጣ ነበር። ቤቱ ጭጭ አለ። ሮጬ ገባሁ። ያራ የሻወር ካባውን መቀነት በጃድ አንገት ላይ ቋጥራ በአልጋው ብረት ላይ አዙራ ትጎትታለች። ጃድ ወንድሟ ነው፣ ስምንት ወሩ። ፊቱ ጠቁሯል። ቋጠሮው እንቢ ሲለኝ በጥርሴ ፈታሁት። ከዚያ አለቀሰ። አልሐምዱሊላህ፣ እንዲህ የሚያስደስት ለቅሶ ሰምቼ አላውቅም።

ያራ "ጥንቸሉ ግን ተነሳ" አለች።

ማዳም ፀጉሬን ይዛ ከግድግዳው ጋር አጋጨችኝ። "የት ነበርሽ? የት ነበርሽ?" ባሏ ከኋላ ቆሞ "ኸላስ፣ በቃ፣ ቅዳሜ ወደ ቢሮ ትመለስ" አለ። ቢሮ ያለው ከአገሬ ያስመጡኝን ሰዎች ነው። የመጣሁ ቀን እዚያ አንዲት ተመላሽ ልጅ በኬብል ስትገረፍ አይቻለሁ።

ሐሙስ

ከላይ ፎቅ የምትሠራው ብርቄ በበረንዳ ጠራችኝ። የአዲስ አበባ ልጅ ናት፣ ሁሉን ታውቃለች። የሆነውንም፣ የያራን ቪዲዮም ነገርኳት።

"ታብሌቱ መጀመሪያ ሲከፈት የትውልድ ዓመት አልጠየቀም?"

"ጠይቋል። ያራ ስታጣድፈኝ የራሴን ሞላሁ። 1995።"

"በኛ አቆጣጠር?"

"አዎ።"

"አንቺ ጅል! እሱ የሚቆጥረው በፈረንጅ ነው። ትልቅ ሴት መስለሽው ለልጅ የተከለከለውን ሁሉ ከፈተልሽ!" ሳቀች። "እንደ ደላላሽ!"

እውነቷን ነው። ደላላውም ፓስፖርቴ ላይ ያንኑ 1995 አስጽፎ ሃያ አምስት ዓመት አድርጎኛል። ዕድሜዬ አሥራ ሰባት ነው።

አልሳቅኩም። ድመቷን ያስገባኋት እኔ ነኝ።

ብርቄ ከላይ እየነገረችኝ የያራን ዓመት አስገባሁ። ድመቷ ጠፋች። "ለማዳምሽ ትንፍሽ እንዳትይ፣ ትገድልሻለች" አለችኝ።

ግን እኔ ከሄድኩ በኋላ ማዳም መልሳ ብትከፍተውስ? ጃድስ?

ዓርብ

ነገርኳት። ቀና ብዬ ሳላያት፣ ታብሌቱን ደረቴ ላይ ይዤ። ስህተቴን፣ ቪዲዮውን፣ ዕድሜዬን ሁሉ። ጥፊ ጠበቅኩ።

"አሥራ ሰባት?" አለች። ባሏን ወደ መኝታ ቤት ጠራችው። ተጯጯሁ፣ ብርጭቆ ተሰበረ። ስትወጣ "ዕድሜሽን ለማንም እንዳትናገሪ፣ ያሳስረናል" አለችኝ። ስለ ቢሮ አላነሳችም።

ያራ ታብሌቱ የልጆች ዘፈን ብቻ ሲሆንባት ከግድግዳው ጋር አላተመችው። መስታወቱ ተሰነጠቀ። አልቅሳ ሲወጣላት መጣች።

"ጃድ አይነሳም ነበር?"

"አይነሳም ነበር።"

ጆሮዬ ላይ ያለውን ፕላስተር በጣቷ ጫፍ ነካች። "ይሄስ?"

"ያማል።"

እጇን ሰበሰበች።

ነገ ቅዳሜ ነው። ወደ ቢሮ ይመልሱኝ አይመልሱኝ የነገረኝ የለም፤ ሻንጣዬን አላዘጋጀሁም። የካባዎቹን መቀነቶች ግን አንድም ሳይቀር ቆራርጬ ጣልኳቸው።