አዴ ዲንቄን የመረጥሽበት ሰላምታ

ውድ ጫልቱዬ፣

ከተለየሽኝ ስድስት ዓመት ሊሞላ ሁለት ወር ቀረው። ቆጠራ እንደምወድ ታውቂያለሽ። የጨለለቂው ቤታችን ጣራ ታድሷል። የስፌት መኪናሽን ልጃችን ጉቴ ወስዳ ትሠራበታለች፤ መኪናው በነበረበት ቦታ ምንም አላስቀመጥኩም። ባለፈው ሳምንት መሳቢያዬን ሳስተካክል ያን ዝርዝር አገኘሁት። ይህን የምጽፍልሽ በእሱ ምክንያት ነው።

በጃንሆይ ዘመን ፊልም አንሺዎች ከአዲስ አበባ ነቀምቴ ሲመጡ አንቺ ለትምህርት ቤታችን ቴአትር ልብስ ትሰፊ ነበር። እየለካሽ ማን ለየትኛው ገጸ ባሕርይ እንደሚሆን ትነግሪን ነበር፤ ስትሳሳቺ አላየሁም። ዳይሬክተሩ ይህን ሰምቶ ተዋናዮች እንድትመርጪለት ጠየቀሽ። ከሁሉ የከበደው የእናቲቱ ቦታ ሆነ፤ የልጇን መርዶ የምትሰማ እናት ናት። ሦስት ቀን ሰጠሽ። ካልተገኘች ተዋናይ ከአዲስ አበባ አስመጣለሁ፣ ያንቺም ሥራ እዚህ ላይ ያበቃል አለ።

እኔ ልረዳሽ ብዬ የሃያ ሁለት ሴቶች ዝርዝር አዘጋጀሁ፤ ንባብ፣ ድምፅ፣ ቁመት፣ በየዓምዱ ነጥብ። አንደኛ የወጣችው የቀድሞ ተማሪዬ ነበረች፤ አንድ ፊደል ሳትስት ታነባለች። አየት አድርገሽ አጠፍሽውና ዲጋ ገበያ ይዘሽኝ ሄድሽ።

እዚያ ማንንም አላስነበብሽም። ሥራሽ ሰላምታ ብቻ ነበር። «አካም ቡልታን?» እንዴት አደራችሁ ብለሽ ከብቱን፣ ቤቱን፣ ልጆቹን ትጠይቂያለሽ፤ ፊታቸውንም ታያለሽ። ብዙዎቹ ሲመልሱልሽ ዓይናቸው ሸቀጣቸው ላይ ነበር። ጌሾ የምትሸጠው አዴ ዲንቄ ግን የያዘችውን አስቀምጣ፣ ቀና ብላ፣ አንድ በአንድ መለሰችልሽ። «ኢጆሌን ናጋዳ?» ልጆቹ ሰላም ናቸው ወይ ስትያት ትንሽ ቆም አለችና «ናጋዳ» አለች። በዚያው ክረምት አንድ ልጇን ቀብራ ኖሯል። በእናንተ ወግ አስቀድሞ ሰላም ይባላል፣ ሐዘን የሚነገረው ከዚያ በኋላ ነው። አንቺ ግን ገና ሳትነግርሽ አወቅሽው። የፊልሙን ታሪክ ሳትደብቂ ነገርሻት። አስባበት፣ «አልቅሺ ብለው ካላስገደዱኝ እመጣለሁ» አለች።

እኔ አማርኛዋ አይሆንም ብዬ ሰጋሁ። በስጋት ብቻም አልቀረሁም፤ ሳልነግርሽ ዳይሬክተሩ ያረፈበት ሆቴል ሄጄ ዝርዝሬን ሰጠሁት። በቀረጻው ጠዋት አዴ ዲንቄና ያቺ ተማሪዬ ሁለቱም ተጠርተው ጠበቁሽ። ወረቀቱን በዳይሬክተሩ እጅ አየሽው፤ የእኔን የእጅ ጽሕፈት የማይለይ ነቀምቴ ውስጥ የለም።

መጀመሪያ ተማሪዬ ሞከረች። ቃሉን አሳምራ ተናገረች፣ አለቀሰችም። ተራው የአዴ ዲንቄ ሲሆን ዳይሬክተሩን አንድ ነገር ለመንሽው፤ መርዶ ነጋሪው አስቀድሞ እንደ አገሩ ወግ ሰላም ይበላት አልሽ። ሰውየው ሰላም አላት። ስለ ከብቱ መለሰች፣ ስለ ቤቱ መለሰች። ስለ ልጆቹ ሲጠይቃት ቆም ብላ አየችው፤ ምን ይዞ እንደመጣ ገብቷታል። «ናጋዳ» አለች። ዳይሬክተሩ ካሜራውን አቁም ማለት ረሳ።

ከዚያ ወዲያ ጊምቢም፣ አርጆም፣ አዲስ አበባም ድረስ ሰው እንድትመርጪ ይጠሩሽ ጀመር። የትም ብትሄጂ ሥራሽን የምትጀምሪው በሰላምታ ነበር። ከነጥብ መስጫ ዓምዶቼ አንዱን እንኳ ተውሰሽ አታውቂም።

የዚያን ዕለት ዳይሬክተሩ የመለሰልኝን ዝርዝር ይዤ ወደ ቤት ስንመለስ መንገድ ላይ «ባርሲሳ፣ ጽሕፈትህ ግን ያምራል» ብለሽ ሳቅሽብኝ። በአገርሽ ቋንቋ መምህሩ ማለትሽ ነው። ይቅርታ አፌ ላይ ደርሶ ተመለሰ። የሰው ስህተት ሳርም የኖርኩ ሰው፣ የራሴን ሳላርም አመለጥሽኝ። አሁን ከዝርዝሩ ግርጌ በቀይ ቀለም አዴ ዲንቄን ጻፍኳት፤ ከጎኗም ያንቺን ስም። ነጥብ አልሰጠሁም።

ጠዋት ጠዋት ጎረቤቶች ባጥሩ በኩል «ማንኒ ናጋዳ?» ይሉኛል፤ ቤቱ ሰላም ነው ወይ ማለታቸው ነው። አንቺ ከሄድሽ ወዲህ ሳልመልስ ትንሽ ቆም እላለሁ። ያቺ አፍታ ያንቺ ናት፤ በሕይወት እስካለሁ አልዘላትም።

ከዚያ «ናጋዳ» እላቸዋለሁ።

ባርሲሳሽ