ለሁሉም እኩል የሚጠቀጥቅ ማሽን

ቡታጅራ፣ መጋቢት 2009 ዓ.ም.

ውድ ሙስተፋ፣

አሰላሙ ዐለይኩም። እንዴት ከረምክ ብዬ አልጠይቅህም፤ ከመስቃን አፈር በታች ሰው እንዴት እንደሚከርም የሚነግረኝ እስካሁን አላገኘሁም። እኔ ደኅና ነኝ። "ደኅና ነሽ ወይ?" ሲሉኝ "አልሃምዱሊላህ" እላለሁ። ውሸትም አይደለም፤ ምንም አይሰማኝም። አጣጥፈው የተቀመጡበት እግር ሲደነዝዝ እንደሚሆነው ነው። አያምም፣ ግን አያስኬድም። ለቅሶ የመጣው ሰው ሁሉ ስላንተ ሲያወራ እኔ ማን ሻይ እንዳልደረሰው እያየሁ ነበር። ጠንካራ ሴት ናት ተባልኩ። እኔም ሻይ መቅዳቴን ቀጠልኩ፤ ሰው ሲያሞግስህ ማረም ነውር ነው።

የምጽፍልህ በአንድ ጉዳይ ነው። ወልቂጤ የዞን መሥሪያ ቤት ታይፒስት የነበረች ሚስት ስላለችህ፣ ደብዳቤዋ "ጉዳዩ" የሚል መስመር ሊኖረው ግድ ነው። ጉዳዩ፦ ቡና የሚጠቀጥቅ ማሽን እንግዛ ወይስ አንግዛ? የሚል ነው። ግልባጭ ለማንም አላደረግሁም።

ነገሩን ያመጣው የወንድምህ ልጅ ራምዚ ነው። አዲስ አበባ ገብቶ የካፌ ዕቃ መሸጥ ከጀመረ ወዲህ ጉሮሮውን ሳይጠርግ ሰላምታ አይሰጥም። ባለፈው ሳምንት መናኸሪያው ፊት ለፊት ካለችው ካፌያችን ደጃፍ አንድ ካርቶን አወረደና፣ ከውስጡ ቄብ ዶሮ የሚያክል ጥቁር ነገር አወጣ። አንተ በትከሻህ ትሠራው የነበረውን ይሠራል። የተፈጨውን ቡና፣ ማኪያቶ ማሽኑ ላይ ከሚገጠመው እጀታ ጋር አፉ ውስጥ ስታገባለት፣ ግጥም አድርጎ ይጫንና ዝዝ ብሎ ይመልስልሃል። በቃ። አያልበውም፣ ደሞዝ አያስጨምርም፣ "እሑድ ሠርግ አለብኝ" አይልም።

"አክስቴ፣ እዚች ጋ የሚጫንበትን ክብደት አንዴ ትሞዪዋለሽ፤ ከዚያ ወዲያ ለሁሉም ሰው እኩል ነው" አለኝ።

ጋሽ ሀቢቡን አትረሳውም። ከቀበሌ ጡረታ ከወጣ ወዲህ የሚገመግመው ሰው አጥቶ፣ ጥግ ላይ ተቀምጦ የዝንቦቻችንን አፈጻጸም የሚገመግመው ደንበኛችን ነው። ቀና አለና፣ "እኩልነትንም በኪሎ መሸጥ ተጀመረ?" አለ።

"ጋሼ፣ የጥራት ጉዳይ ነው። የሰው እጅ አንዴ ይጠብቃል፣ አንዴ ይላላል። በሠለጠነው ዓለም ይኼ የለም።"

"በሠለጠነው ዓለም መብራት አለ።"

ይህን ብሎ ሳይጨርስ መብራት ሄደ። ጠቅጣቂው እጀታውን እንደነከሰ ቀረ። አሮጌው የማኪያቶ ማሽናችን፣ አንተ "ጣሊያኑ" የምትለው፣ በጋዙ እየተነፈሰ ምንም እንዳልተፈጠረ ቀጠለ። ራምዚ ግን ነጋዴ ነው፤ አልደነገጠም። "ይኼ የማሽኑ ችግር አይደለም፤ የመልካም አስተዳደር ችግር ነው" አለ።

ዋጋውን ጠየቅሁት፣ ነገረኝ። ላንተ አልነግርህም፤ ከመቃብር ትነሣለህ። ኋላ ሳስበው ግን፣ ልንገርህ ይሆን እንዴ አልኩ።

በሌላ ጊዜ ቢሆን "ካርቶንህን ይዘህ ውጣ" እለው ነበር። ያስቸገረኝ የሠራተኛችን የዓለምዘውድ እጅ ነው። አንተ ስትታመም ጣሊያኑ ላይ የቆመችው እሷ ናት፤ ከዚያ ወዲህ የተካት የለም። አሁን የቀኝ እጇ ጣቶች ደንዝዘዋል። የያዘችው ስኒ መውደቁን የምታውቀው በድምፁ ነው። ክሊኒክ ወሰድኳት፤ ሐኪሙ፣ "በእጅ መጫኑን ካላቆመች ስሜቱ ላይመለስ ይችላል" አለ። ይህን ሲናገር የሚያየው እኔን ነበር። እሷ አላለቀሰችም፣ እኔም አላለቀስኩም። ሁለታችንም እንደተላከ ዕቃ በአንድ ባጃጅ ተጭነን ተመለስን።

ታዲያ ማሽኑን ስታይ እልል የምትል መስሎኝ ነበር። ፊቷ ጠቆረ።

"እኔ አልፈልገውም፣ እትዬ።"

"ለምን?"

"ሰው አይለይም።"

"ሰው መለየት የፖሊስ ሥራ ነው፤ ያንቺ ሥራ ቡና ነው" አልኳት። በታመመው እጇ ጠረጴዛ መወልወል ቀጠለች።

ጋሽ ሀቢቡ ጉዳዩ በግምገማ ይታይ አለ። እንደምታውቀው፣ አይ ለካ አታውቅም፣ የአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ ላይ ነን። ያለፈቃድ መሰብሰብ አይቻልም። ስለዚህ፣ "ይህ ስብሰባ አይደለም፤ ብዙ ሰው ባንድ ጊዜ ቡና ስላማረው ነው" ብሎ ስብሰባውን ከፈተ። ለእያንዳንዱ ጠጪ አንዱ ስኒ በማሽኑ፣ አንዱ በዓለምዘውድ እጅ ተጠቅጥቆ፣ የትኛው የማን እንደሆነ ሳይነገር ቀረበ። የጎማ ነጋዴው ዑመይር የማሽኑን አንዴ ፉት አለና፣ "ይቺማ የሙስተፋ እጅ ናት፣ አላህ ይርሐመው" ብሎ ዓይኑ እንባ ሞላ። ማን አባቱ ያርመው? ጋሽ ሀቢቡ በበኩሉ ማሽኑን ግለ ሂስ እንዲያደርግ ጋበዘው። መልስ ስላልሰጠ "ትዕቢት ይታይበታል" ብሎ የ"ቢ" ደረጃ ሰጠው። የመጨረሻው ውሳኔ፣ "በሁለቱም በኩል ጥንካሬም ድክመትም ታይቷል" የሚል ሆነ። ከሄድክ ወዲህ እዚህ ብዙ የተለወጠ ነገር የለም።

ነገሩ የገባኝ እሑድ ከሰዓት በኋላ ነው።

አበራ የሚባል አገና የሚያስተምር ልጅ አለ። ቅዳሜ እናቱን ለመጠየቅ ቡታጅራ ይመጣል፣ እሑድ በመጨረሻው መኪና ይመለሳል። መኪናው እስኪሞላ የሚቀመጠው እኛ ጋ ነው። የዚያን ቀን ገብቶ ገና ወንበር ሲስብ፣ ዓለምዘውድ ለሙከራ የተተወውን ማሽን በክርኗ ወደ ጎን ገፋችው። የእጅ መጠቅጠቂያህን አነሣች። በእግር ጣቶቿ ቆመች፣ ትከሻዋን በታመመው እጇ ላይ ጣለች፣ ከንፈሯን ነክሳ ተጫነች። ለሌላ ሰው እንዲያ አትጫንም። ቡናው ከእጀታው ጫፍ ጠብ አለ። ቆየና ሌላ ጠብታ። ዝናብ ካባራ በኋላ ጣሪያ እንደሚያንጠባጥበው።

ያን ትከሻ አውቀዋለሁ፣ ሙስተፋ።

እኔም የእሑድ ተጓዥ ነበርኩ። ቤተሰቦቼን ጠይቄ ወደ ወልቂጤ ስመለስ እዚችው ካፌ እቀመጥ ነበር። ቡና ጠንክሮ ሲጠቀጠቅ ውኃው መውጫ እንደሚያጣ፣ ጠብታ በጠብታ እንደሚወርድ የነገርከኝ ከኒካሁ በኋላ ነው። ያኔ ግን "ጣሊያኑ ዛሬ አሞታል" ትለኝ ነበር፤ እኔ ለማሽን ሳዝን የወልቂጤ መኪና ይሄዳል። ሰኞ አርፍጄ ስገባ ለአለቃዬ "የቡታጅራ መንገድ ተበላሽቷል" እላለሁ። ስለዚያ መንገድ ጥገና በገዛ እጄ የተየብኩት አቤቱታ ሁሉ ያንተ ሥራ ነው። መንገዱ ምንም አልሆነም ነበር።

መኪናው ጥሩምባውን ነፋ። ረዳቱ በሩ ላይ ተንጠልጥሎ "አገና! አገና! የሞላ!" ይላል። ወደ ዓለምዘውድ ጠጋ አልኩ።

"ዓለምዬ፣ እጅሽ አያምሽም?"

"አይሰማኝም፣ እትዬ።"

"ልጁን መኪናው ጥሎት ይሄዳል እኮ።"

"ሌላ ይኖራል።"

"የለም።"

"አውቃለሁ" አለች፣ ዓይኗን ከጠብታው ሳትነቅል።

መኪናው ሄደ። አበራ ሲሄድ አየው፤ አልተነሣም፣ ሰዓቱንም አላየም። ሁለቱም ያውቃሉ፣ ሁለቱም አይናገሩም። በመካከል እጇ እየሞተ ነው። ስኒውን ራሴ አነሣሁና ወሰድኩለት።

"መምህር፣ ቡናህ።"

"አመሰግናለሁ፣ እትዬ። ማሽኑ ዛሬም አሞታል መሰለኝ።"

"ማሽኑ ጤነኛ ነው። የታመመችው እሷ ናት። ላንተ ስትጫን ጣቶቿ ደንዝዘዋል፤ ሐኪሙም አቁሚ ብሏታል። ያን ጥቁር ዕቃ ከገዛሁት ደግሞ ቡናህ እንደማንም ሰው ቡና ባንድ አፍታ ይወርዳል፣ አንተም መኪናህን ትደርስበታለህ። እንግዲህ የምትለው ነገር ካለ፣ ሳልገዛው ተናገር።"

ጋሽ ሀቢቡ ከጥጉ፣ "አቋምህን ግለጽ" አለው።

አበራ ቀላ። ስኒውን አየ፣ በሩን አየ። በመጨረሻ ወደ እኔ ሳይሆን ወደ እሷ ዞሮ፣ "ይገዛ" አለ። "ቶሎ ቢደርስም እኔ ቀስ ብዬ ነው የምጠጣው።"

ዓለምዘውድ ጀርባዋን ሰጠችን። የታጠበ ስኒ አንሥታ እንደገና ታጥብ ጀመር። ጋሽ ሀቢቡ፣ እሱ ራሱ፣ ግምገማውን ትቶ ማኪያቶውን አማሰለ።

እኔም ይህንኑ ልልህ እችል ነበር። አንተ ቡናውን ባታዘገየውም እቆይ ነበር፤ ጣሊያኑ ታመመም አልታመመም መኪናው ሲሄድ ደስ ይለኝ ነበር። ከኒካሁ በኋላ ምሥጢርህን ስትነግረኝ ያለቅጥ ተገረምኩ፣ አፌን ሁሉ ያዝኩ። አታለልኳት ብለህ ስትስቅ ማየት ደስ አለኝና እስከ መጨረሻው አልነገርኩህም። ይኸው አሁን ነገርኩህ። ምን ይሰማህ እንደሁ አላውቅም፤ ቢያንስ በዚህ እኩል ነን።

ማሽኑን ሰኞ ገዛሁት። ራምዚ፣ "ክብደቱን በስንት ልሙላው፣ አክስቴ?" አለኝ። "እንደማንም ሰው አድርገው" አልኩት። ዓለምዘውድ በግራ እጇ ሠራችና የመጀመሪያውን ስኒ ለእኔ ሰጠችኝ። መጠቅጠቂያህን፣ መዳፍህ ያሟለጨውን፣ ጣሊያኑ አናት ላይ አስቀምጬዋለሁ፤ ከስኒዎቹ ጋር ይሞቃል።

ስኒዬን ይዤ ድሮ በምቀመጥበት፣ በሩ አጠገብ ተቀመጥኩ። ጣዕሙ ምንም እንደማይወጣለት ሽታው ብቻ ይናገራል፤ ገና ፉት አላልኩትም ነበር። መናኸሪያው ውስጥ ረዳቱ "ወልቂጤ! ወልቂጤ! አንድ ሰው የቀረው!" ይላል። በሕይወቴ ለመጀመሪያ ጊዜ፣ መኪናው ሳይሄድ ቡናዬ ደረሰ።

መኪናው እስኪሄድ ጠበቅሁና ጠጣሁት።

ከማይቸኩል ሰላምታ ጋር፣
ሳሌሃ